ጌሙ ቆመ፤ ታዲያ ምን ይደረግ?

በዚህች ሰሌዳ ላይ ስለ ትምህርት መርጃ መሣሪያ አሠራር፣ ስለ ዶርም ንጽሕና፣ አልፎ አልፎም ስለ ፍቅር ብዙ ተጽፏል። እኔ ዛሬ ብዕሬን ያነሣሁት ግን ቅዳሜ ማታ በየዶርሙ ከእግር ኳስ ውጤት ቀጥሎ አብዝቶ ስለሚያነጋግረን፣ ሆኖም እስከ ዛሬ ማንም ቁም ነገር ነው ብሎ ስላልጻፈበት ጉዳይ ነው። ይኸውም አንድ ጌም በኮምፒዩተር ላይ ሲጫን መሐል መንገድ ደርሶ ቀጥ ብሎ የመቆሙ ነገር ነው። «ደግሞ ጌም ለዕጩ መምህር ምኑ ነው?» የሚል አይጠፋም። ጌሙስ ቢቀር አይጎዳንም፤ ዳሩ ግን ነገ በምንመደብበት ትምህርት ቤት ጥግ ላይ አቧራ ለብሳ የተቀመጠች ኮምፒዩተር ብትኖር፣ የሒሳብ መለማመጃም ሆነ መዝገበ ቃላት ሲጫንባት የምትቆመው ልክ ጌሙ በሚቆምበት ምክንያት ነው። ያን ጊዜ ዞር ብለን የምንጠይቀው ባለሙያ አጠገባችን ላይኖር ይችላል።

ነገሩ ብዙውን ጊዜ የሚጀምረው እንዲህ ነው። ፍላሽ ከእጅ ወደ እጅ ዞሮ ይመጣል። በአንድ ላፕቶፕ ዙሪያ ስድስት ሰባት ሰው ይሰበሰባል፤ ሁለቱ አልጋ ላይ፣ የቀረው ቆሞ። የመጫኛዋ መስመር 10 ትላለች፣ 30 ትላለች፣ ሰዉ ከወዲሁ ቡድን መምረጥ ይጀምራል፤ 67 ላይ ስትደርስ ቀጥ! አምስት ደቂቃ፣ ዐሥር ደቂቃ ይጠበቃል። ከዚያ ሸንጎው ይከፈታል። አንዱ «ነቅለህ ሰካው!» ይላል። ሌላው «ሞቆት ነው፣ በደብተር አራግብለት» ይላል። ሦስተኛው ስለ ማናቸውም ችግር ቢጠየቅ መልሱ «ፎርማት ነው የሚያስፈልገው» የሚል ነው። በኔ አስተያየት ከእነዚህ ሁሉ በፊት መጠየቅ ያለበት ጥያቄ አለ፤ ለመሆኑ በእርግጥ ቆሟል ወይ?

ለምን ቢሉ መስመሯ ሰዓት አይደለችም። ፍላሹ ላይ ያለው ጌም ተጠቅጥቆ የገባ ነው። ገበሬ ጭዱን ማዳበሪያ ከረጢት ውስጥ እየረገጠ እንደሚጠቀጥቀው ሁሉ፣ ያዘጋጁት ሰዎችም ምስሉንና ድምፁን በሒሳብ ዘዴ አጥብቀው አሳንሰውታል። ሲጫን ያንን ሁሉ የሚፈታው የኛው ላፕቶፕ ነው። በጣም የተጠቀጠቀ ጌም ፍላሽ ላይ ቦታ አይፈጅም፣ ለመቅዳትም ይፈጥናል፤ ለመፍታት ግን ብዙ ጊዜና ብዙ ራም ይጠይቃል። መስመሯ ደግሞ የምትቆጥረው ስንት ፋይል ወይም ስንት ባይት እንዳለቀ እንጂ ስንት ደቂቃ እንደቀረ አይደለም። ስለዚህ ሺህ ትናንሽ ፋይሎችን በአንድ ደቂቃ አልፋ፣ አንድ ግዙፍ ፋይል ላይ ስትደርስ ግማሽ ሰዓት ብትገተር የሚያስደንቅ አይሆንም።

ጌሞቹም ቢሆኑ እንደ ድሮው አይደሉም። በ2005 እ.ኤ.አ. ለኮምፒዩተር የወጣው ጂ.ቲ.ኤ. ሳን አንድሪያስ በአንድ ዲቪዲ ይገባ ነበር። ከዐሥር ዓመት በኋላ፣ በ2015 እ.ኤ.አ. ለኮምፒዩተር የወጣው ጂ.ቲ.ኤ. 5 ግን በ7 ዲቪዲ ተሸጠ፤ ሲወጣም 65 ጊጋባይት ባዶ ቦታ ይጠይቅ ነበር። በ1985 እ.ኤ.አ. ገና ጌም እንዲህ ሳይገዝፍ፣ ብራድ ማየርስ የተባለ ተመራማሪ «ይህን ያህል ከመቶ ተሠርቷል» የሚሉትን ምልክቶች አጥንቶ ሰዎች በባዶ ከመጠበቅ ይልቅ ምልክቱን ማየት እንደሚመርጡ ጽፏል። እውነቱን ነው፤ እኛም ዓይናችንን ከመስመሯ አንነቅልም።

እንግዲህ መቆሙን በምን እናውቃለን? ኮንትሮል፣ ሺፍትና ኢስኬፕ የተባሉትን ሦስት ቁልፎች ባንድነት ስንጫን ታስክ ማኔጀር የሚባለው ሰሌዳ ይከፈታል። እዚያ ላይ ፕሮሰሰሩ፣ ራሙና ዲስኩ እያንዳንዳቸው ምን እንደሚሠሩ በቁጥር ይታያል። በመጫኛው ስም አንጻር ያለው የፕሮሰሰር ቁጥር ከፍ ብሎ ከሆነ፣ ወይም የዲስኩ ቁጥር እየተለዋወጠ ከሆነ ሥራው አለ ማለት ነው፤ ተዉት። ሌላም ቀላል መንገድ አለ። ጌሙ የሚጫንበትን ፎልደር በቀኝ ጠቅ አድርጎ መጠኑን መመዝገብ፣ ከአምስት ደቂቃ በኋላ ደግሞ መመልከት ነው። ከጨመረ እየተጫነ ነው። መስኮቱ አናት ላይ «ምላሽ አይሰጥም» የሚል ጽሑፍ ቢወጣ እንኳ ብቻውን ማስረጃ አይሆንም፤ ፕሮግራሙ በሥራ ተጠምዶ ለመስኮቱ መልስ ሳይሰጥ ሲዘገይም ይኸው ይጻፋል። ብዙ ደህና ጌም በዚህ ጽሑፍ ምክንያት ያለ ጥፋቱ ተገድሏል።

ቁጥሮቹ ሁሉ ቀጥ ካሉ ግን ምክንያት ይፈለግ። አብዛኛውን ጊዜ ጥፋተኛው ቦታ ነው። «ዲ ላይ ነው የምጭነው፣ ባዶ ቦታ ሞልቷል» የሚል ሰው ብዙ መጫኛዎች የሚፈቱትን ነገር መጀመሪያ ለጊዜው ሲ ላይ እንደሚያስቀምጡ አያውቅም። ሲ በፊልም ከተሞላ ዲ ሜዳ ቢሆን ምን ይጠቅማል? ከዚህ የባሰው ደግሞ ላፕቶፑ ስለሞላ ጌሙን ፍላሽ ወይም ተንቀሳቃሽ ዲስክ ላይ እንጫነው የሚለው ዘዴ ነው። ብዙ ፍላሽ የሚመጣው ፋት 32 በሚባል የአቀማመጥ ሥርዓት ተደርጎ ነው። ፋት 32 በ1996 እ.ኤ.አ. ከዊንዶውስ 95 ጋር የመጣ ሲሆን፣ በዚያ ሥርዓት አንድ ፋይል 4 ጊጋባይት ሊሞላ አይችልም፤ የፋይሉ መጠን የሚጻፍበት ቦታ ከዚያ በላይ ቁጥር አይዝምና። ፍላሹ 64 ጊጋባይት ባዶ ቢኖረውም ነገሩ አይለወጥም። አንድ ባለ 6 ጊጋባይት ፋይል ሲጻፍ ወሰኑ ላይ ይደርስና ይቆማል፤ ሰዉ ፍላሹን «ፎርጅድ ነው» ብሎ ይሰድበዋል። መፍትሔው ፍላሹን ኤን.ቲ.ኤፍ.ኤስ. ወይም ኤክስፋት ወደሚባለው ሥርዓት መለወጥ ነው፤ ፎርማት ሲደረግ በውስጡ ያለው ሁሉ እንደሚጠፋ ግን አይረሳ።

ሌላው ቅጂው ራሱ የተበላሸ ሲሆን ነው። ፍላሽ ገና እየተጻፈበት «እቸኩላለሁ» ብሎ የሚነቅል ሰው በየዶርሙ አለ። መጫኛው ይህን የሚያውቅበት ብልሃት ለኛ ለሒሳብ ሰዎች ደስ ይላል። ከፋይሉ ይዘት በማካፈል ዓይነት ስሌት አንድ ቀሪ ቁጥር ወጥቶ አስቀድሞ ይመዘገባል፤ ፋይሉ ሲፈታ ስሌቱ እንደገና ይሠራና ቀሪው ካልተስማማ ሥራው ይቆማል። ሲ.አር.ሲ. የሚል ስሕተት የሚያወጣው ይኸው ነው። እዚህ ላይ መቶ ጊዜ ደግሞ መሞከር ትርፉ ድካም ነው፤ እንደገና መቅዳት ነው እንጂ። የራም ማነስም አለ፣ በተለይ ባለ 2 ጊጋባይት ላፕቶፖች ላይ፤ ሌላውን ፕሮግራም ሁሉ ዘግቶ መሞከር ነው። አንድ የሚያናድደኝን ላክል፦ የተጠቃሚ ስሙን በገዛ ፊደላችን የጻፈ ሰው አንዳንድ አሮጌ መጫኛ የፎልደሩን ስም ማንበብ አቅቶት ይቆምበታል። ጥፋቱ የፊደሉ አይደለም፤ የላቲን ፊደል ብቻ ያለ መስሎት መጫኛውን የሠራው ሰው እንጂ።

አንቲቫይረስን በሚመለከት ከብዙ ጓደኞቼ ጋር አልስማማም። «አጥፋውና ጫን» የሚለው ምክር እንደ ጸሎት በቃል የተያዘ ነው። እርግጥ ነው፣ አንቲቫይረስ ከጌሙ ፋይሎች አንዱን ሰርቆ ስለሚደብቅ መጫኑ የሚቆምበት ጊዜ አለ። ነገር ግን ከእጅ ወደ እጅ የሚዞረው ጌም አብዛኛው ያለ ፈቃድ የተባዛ፣ መቆለፊያው በማናውቀው ሰው የተሰበረ ነው፤ የተደበቀው ፋይል በእርግጥ ቫይረስ የሚሆንበትም ጊዜ አለ። በነፃ እንዲሰጥ ተብሎ የተሠራ ጌም ሞልቷል። ለምሳሌ ጂኮምፕሪ የሚባለው ከ2 እስከ 10 ዓመት ላሉ ልጆች የተዘጋጀ ከመቶ በላይ መልመጃዎች ያሉት ነው፤ ቁጥር አለው፣ ፊደል አለው፣ ቼዝ አለው፣ አንድ ሳንቲም አይጠየቅበትም። ለማስተማር ልምምድ የወጣን ጊዜ ልጆቹ ሲጫወቱበት አይቻለሁ፤ የዕረፍት ደወል ሲደወል አንዳቸውም አልተነሡም።

እስካሁን ያልኩት ሁሉ ቢበዛ አንድ ቅዳሜ ማታ ነው የሚያስቀር። አሁን የምናገረው ግን ሌላ ነው።

ከኛ አንድ ዓመት የሚቀድም ልጅ ያገለገለ ላፕቶፕ አለው። በእርሱ ላይ የራሱና የሦስት ጓደኞቹ ተግባራዊ ምርምር፣ በተለምዶ አክሽን ሪሰርች የምንለው፣ ተጽፎ ነበር፤ ሊያስረክቡ የቀራቸው ሁለት ሳምንት ነው። አንድ ማታ የእግር ኳስ ጌም ሲጫንበት 41 ላይ ቆመ። ሸንጎው እንደ ልማዱ ተቀመጠ፤ ፍርዱም በፍላሹ ላይ ሆነ። ይሁንና ያው ፍላሽ በዚያው ማታ በሌላ ላፕቶፕ ላይ ያለ ችግር ጫነ። በሳይንስ ትምህርት አንዱን ብቻ ለውጦ ሌላውን እንዳለ መተው የምንለው ይኸው ነው፤ ፍላሹ ነፃ ወጣ፣ ተጠርጣሪው ላፕቶፑ ሆነ።

ታስክ ማኔጀርን ስንከፍት ዲስኩ 100 ከመቶ በሥራ ተይዟል ይላል፤ የሚነበበውና የሚጻፈው ግን ዜሮ ነው። ይህ ከሌሎቹ ሁሉ የተለየ ምልክት ነው። ጆሮ ጠጋ ሲደረግም ቀጭ፣ ቀጭ፣ ቀጭ የሚል ድምፅ አለ። የዚያ ዓይነት ዲስክ በውስጡ በደቂቃ 5400 ጊዜ የሚሽከረከር ሳህን አለው፤ በላዩ እየተንሳፈፈች የምታነብ ጭንቅላት አለችው። አንዱ ቦታ ተበላሽቶ አልነበብ ሲላት ትመለሳለች፣ ደግማ ትሞክራለች፣ ደግማ ትሞክራለች፤ ኮምፒዩተሩም እርሷን ሲጠብቅ ይቆማል። ጌሙ ያን ዕለት ያደረገው ነገር ቢኖር ለወራት ያልተነካ የዲስኩን ክፍል መንካቱ ነው።

«በቃ ፎርማት አድርገው!» የሚለው ድምፅ በረታ። ባለቤቱም እሺ ሊል ትንሽ ቀረው። ደግነቱ የኮምፒዩተር ክፍሉ ሠራተኛ ለእራት ሲያልፍ ጠራነው።

«ጋሼ፣ እባክዎ ይህን አንዴ ይዩልን።»

ጎንበስ ብሎ አዳመጠና «እናንተ ልጆች፣ ጌሙን ተዉት» አለ። «እዚህ ላይ ምን ጽሑፍ አላችሁ? ቅጂስ አለው?»

አራቱም ተያዩ። ቅጂ አልነበረም።

«እንግዲያስ አታጥፉት፤ ካጠፋችሁት ላይነሣ ይችላል። መጫኑን አቋርጡና መጀመሪያ ጽሑፋችሁን አውጡ። ፎርማትም፣ የዲስክ ምርመራም ቢሆን ከዚያ በኋላ ነው፤ ምርመራው ራሱ የደከመ ዲስክን ይጨርሰዋል።»

አራት ጽሑፍ፣ ሁሉም ተደምሮ 10 ሜጋባይት የማይሞላ፣ ለመቅዳት ከአንድ ሰዓት በላይ ፈጀ። ሦስቱ ወጡ። አራተኛው ላይ ጭንቅላቷ ትመለስ ጀመር፤ ልጁ ላብ በላብ ሆኖ ኮሪደር ላይ ይንጎራደድ ነበር፣ ያን ጊዜ የሚቀልድ አልነበረም። በሦስተኛው ሙከራ ወጣለት። ለመጠይቁ ያነሡት ፎቶግራፎች ግን አልወጡም፤ ተማሪዎቹን እንደገና ሄደው ማነጋገር ግድ ሆነባቸው። ከዚያ በኋላ በነጋታው ክሪስታል ዲስክ ኢንፎ በሚባል ነፃ ፕሮግራም ሲታይ ዲስኩ ቢጫ ምልክትና «ጥንቃቄ» የሚል ቃል አወጣ። በአራተኛው ቀን ጭራሽ አልነሣም አለ።

አሁን ላፕቶፑ የሚሽከረከር ነገር የሌለው ዲስክ ተገዝቶለታል። ጌሙም ተጭኗል፤ 67 ላይ ዐሥራ ሰባት ደቂቃ ቆሞ አለፈ።

ረቡዕና ዓርብ ከማታ ጥናት በኋላ የቆመበት ሰው ቢኖር በኮምፒዩተር ክፍሉ በረንዳ ላይ ሁለት ሦስት ሆነን እንገኛለን። ቻርጀርና ባዶ ፍላሽ ይዛችሁ ኑ፤ ጌሙን ከማየታችን በፊት ጽሑፎቻችሁን እንገለብጣለን።