ጾምን የሚታገሥ ስጦታ፤ ስለ ጭኮ

ከአዳማ ተነሥቶ ወደ አሰላ የሚወጣ መንገደኛ አዋሽን ተሻግሮ፥ ዴራንና ኢተያን አልፎ፥ በ75 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድ ከቆላው ሙቀት ወደ አርሲ ደጋ ብርድ ይደርሳል። ከታች የቀረው የወንጂ ሸንኮራ ነው፤ ከላይ የሚቀበለው የጭላሎ ገብስ ነው። ሸንኮራው ስኳር ይሆናል፤ ገብሱ ግን ከእንጀራው፥ ከቆሎውና ከጠላው ሌላ ጭኮ ይሆናል። የስምጥ ሸለቆ ከተሞች፥ ሞጆም አዳማም መቂም ባቱም፥ በሜዳቸው በቆሎና ጤፍ ቢያበቅሉም ለጭኮ የሚሆነውን ገብስ ሁልጊዜ ቀና ብለው የሚጠብቁት ከደጋው ነው።

በሰሜኑ አገር ያደገ ሰው ጭኮን ባያውቅ እንኳ በሶን ያውቃል። በሶ በውኃ ተበጥብጦ የዘማች ስንቅ፥ የቆሎ ተማሪ ራት ሆኖ ኖሯል። ያው በሶ በኦሮሞ እናቶች እጅ በንጥር ቅቤ ሲታሽ ጭኮ ይባላልና የሠርግ፥ የአራስ ቤትና የክቡር እንግዳ መቀበያ ይሆናል። እንግዲህ አንዱን የድኻ ሌላውን የጌታ ምግብ ያደረገው ገብሱ አይደለም፤ ገብሱ አንድ ነው።

አሠራሩን ከሩቅ ሆኖ የሚያይ ሰው ቀላል ይመስለዋል። ገብሱ ተለቅሞ በጥቂት ውኃ ይርሳል፤ በሙቀጫ ተሸክሽኮ ገለባው ይወጣል፤ ደርቆም በምጣድ ይታመሳል። እዚህ ላይ ባለሙያዋ ዓይኗን ከምጣዱ አታነሣም፤ ጥቂት የጐደለው ጥሬ ጥሬ ይላል፥ ጥቂት ያለፈው ይመራልና። ከዚያ በኋላ ተፈጭቶ በወንፊት ይነፋል። ቅቤው ደግሞ ለብቻው በኮረሪማ፥ በኮሰረት፥ እንደየቤቱም ልማድ በሌላ ቅመም ይነጠራል። ጨው ገብቶበት ቅቤው ዱቄቱ ላይ በጥቂት በጥቂቱ እየተጨመረ ይታሻል፤ ሥራውም የሚረዝመው በዚህ ነው። የቸኰለች ሴት ቅቤውን በአንድ ጊዜ ብታፈስስበት ዱቄቱ እየጓጐለ ከውጭ ይረጥባል፥ ከውስጥ ግን ደረቅ ይቀራል። በሚገባ የታሸው ጭኮ በእጅ ሲጨበጥ ይያያዛል፥ በአፍ ሲገባ ይፈታል። ስኳር አይገባበትም፤ የሚጣፍጠው በታመሰው ገብስ ነው። የወንጂ ፋብሪካ በ1946 ዓ.ም. ሥራ ጀምሮ በኋላም ደስታ ከረሜላን ለአገሩ ልጆች ሁሉ ባቀመሰ ጊዜ እንኳ፥ ከዚያው ከፋብሪካው አጠገብ የሚኖሩ እናቶች ጭኮአቸውን እንደ ነበረ ሲያሹ ኖረዋል። ማር የሚጨምሩ አንዳንድ ቤቶች አሉ፤ እነርሱንም የሚነቅፍ አይጠፋም።

በዚህ ሁሉ ሥራ ውስጥ አንባቢ አንድ ነገር ያስተውል፤ ገብሱ ከታመሰ በኋላ ውኃ የሚባል ነገር አይነካውም። ቅቤውም ሲነጠር በውስጡ ያለው ውኃ በእሳት ተንኖ ይወጣል፥ አጓቱም ተለይቶ ይጣላል። ምግብን የሚያሻግተው ሻጋታ ያለ እርጥበት መኖር አይችልምና ጭኮ በንጹሕ ዕቃ ተከድኖ በቀዝቃዛ ስፍራ ቢቀመጥ ሳምንታትን፥ ከዚያም የበለጠ ጊዜ ሳይበላሽ ይቆያል። ይህን የጥንት እናቶች ከትምህርት ቤት አልተማሩትም፤ ሌማቱን ከፍተው በማሽተት አወቁት።

በሩቅ ምሥራቅ በካምቦዲያ አገር የዚህ ዘመድ የሚመስል ምግብ አለ፤ ስሙም አንሶም ይባላል። የሚሠራው ሲበስል እርስ በርሱ ከሚጣበቅ ሩዝ ነው፤ በመካከሉ ሙዝ ወይም ባቄላ መሰል ጥራጥሬና የዓሣማ ሥጋ ይገባበታል፤ ከዚያ በሙዝ ቅጠል ተጠቅልሎና ታስሮ ለብዙ ሰዓት ይቀቀላል። ሕዝቡም በየዓመቱ ሙታንን በሚያስብበት በ15 ቀን በዓል ይህን ወደ ቤተ መቅደሱ ይዞ ይሄዳል፤ ይህም ለአገራችን ሰው እንግዳ አይሆንበትም፥ ተዝካርን ያውቃልና። ከ1967 እስከ 1971 ዓ.ም. በዚያ አገር የገዙት ሰዎች በዓሉን ከለከሉ፤ ሕዝቡንም በማኅበር ድስት እየመገቡ በየቤቱ ምግብ ማብሰልን እንኳ ወንጀል አደረጉት። አገዛዙ በወደቀ ጊዜ በሕይወት የተረፉት እናቶች ቅጠሉን ቈርጠው እንደ ገና መጠቅለል ጀመሩ። አንሶም ግን በውኃ የበሰለ ነውና ቶሎ መበላት አለበት፤ ተቀባዩን ብዙ ቀን ሊጠብቅ አይችልም። ጭኮ ግን ይጠብቃል።

መጠበቁ ምን እንደሚጠቅም አዳማን የመሰለ ከተማ ይመሰክራል። ባቡሩ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ከደረሰ ወዲህ ከየአገሩ የመጣ ነጋዴና ሠራተኛ በዚህች ከተማ ተጐራብቶ ኖረ፤ ናዝሬት በተባለችበትም ዘመን፥ የቀድሞ ስሟ አዳማ ከተመለሰላትም በኋላ፥ የክርስቲያኑና የእስላሙ ቤት በአንድ አጥር ተያይዞ ይገኛል። እነዚህ ጐረቤቶች ቡናውን አብረው ይጠጣሉ፥ ለቅሶውን አብረው ይቀመጣሉ፤ ሥጋ ላይ ሲደርሱ ግን ይለያያሉ። ክርስቲያኑ እስላም የባረከውን፥ እስላሙም ክርስቲያን የባረከውን አይበላም። ስለዚህ በየሠርጉ ለእንግዳው ወገን በሬው ለብቻ ይታረዳል፥ ድስቱም ለብቻ ይጣዳል። ጭኮ ግን ገብስና ቅቤ ነው፤ ቢላዋ አልነካውም፥ ማን ባረከው ተብሎም አይጠየቅም። በሁለቱም ገበታ በአንድ ዕቃ ይቀርባል።

የሚከለክለው ጾም ብቻ ነው። በ2017 ዓ.ም. ዒድ አል ፈጥር የዋለው መጋቢት 21 ቀን፥ ዕለቱም እሑድ ነበር፤ ለክርስቲያኑ ግን የዐቢይ ጾም መካከል ነው። እንዲህ ባለ ቀን ሥጋ ወጥ ለጐረቤት ቢላክ ሃይማኖቱም ጾሙም ይመልሰዋል፤ ላኪዋም ይህን ስለምታውቅ አትልከውም። ጭኮ ግን መላክ ይችላል። ልጅቱ በነጠላ ጫፍ የተሸፈነውን ሳሕን ይዛ በደጅ ቆማ፥ «እትዬ፥ እማዬ ለፋሲካ ይቀመጥ ብላለች» ትላለች። የቤቲቱም እመቤት ሳሕኑን ተቀብላ፥ «እንኳን ለዒዱ አደረሳችሁ በያት፤ እግዚአብሔር ይስጥልን፥ ልጄ» ብላ በመደርደሪያው ላይ ከፍ አድርጋ ታኖረዋለች። ከዚያ ቀን እስከ ሚያዝያ 12፥ እስከ ትንሣኤ ድረስ፥ ሦስት ሳምንት ነው። በቅዳሴው ማለቂያ በሌሊት ወደ ቤት የተመለሱት ጾመኞች ዶሮ ወጡ እስኪሞቅ ድረስ አስቀድመው የሚቀምሱት ያንኑ የእስላም ጐረቤታቸውን ጭኮ ቢሆን የሚያስደንቅ አይደለም።

ይህን የማይወድዱ ሰዎች አሉ። በጾም ወራት ቅቤ ያለበት ምግብ ወደ ቤት መግባት የለበትም፥ ልጆችንም ያስጐመጃል ይላሉ። ለልጆቹ መጠንቀቅስ ይገባል፤ ነገር ግን ሥርዓቱ የከለከለው መብላትን ነው እንጂ ማኖርን አይደለም። ገበሬው በጾም ላሙን ማለብ አይተውም፥ ሚስቱም መናጥ አትተውም፤ የፋሲካ ቅቤ የሚጠራቀመው በሁዳዴ ነው። ደግሞም የጐረቤትን ስጦታ ከደጅ የመለሰ ሰው ጾሙን ጠበቀ ከማለት ይልቅ ጐረቤቱን አሳዘነ ማለት ይቀልላል።

ሳሕኑ ደግሞ ባዶውን አይመለስም፤ ይህ የታወቀ ልማድ ነው። በሁዳዴ ግን ክርስቲያኗ ምን ትመልስ? ያን ጊዜ የምትሠራው ድፎ ዳቦ ነው። ስንዴው ተቦክቶ ኩፍ ሲል የኮባ ቅጠል በምጣዱ ተነጥፎ ሊጡ ይፈስስበታል፥ በላዩም ቅጠል ለብሶ ከታችና ከላይ እሳት ይደረግለታል። ቅቤም ሥጋም የለበትም፤ እርሷ ጾሟን ሳታፈርስ ትቀምሰዋለች፥ እነዚያም ያለ ጥርጥር ይበሉታል። ለቡሄ በነሐሴ 13 ቀን ለልጆች የሚሰጠው ሙልሙልም እንዲሁ ከደጅ ደጅ የሚዞር ዳቦ ነው፤ ሆያ ሆዬ ከሚሉት ልጆች መካከል የእስላም ልጆች አይገኙም ብሎ የሚምል የሰፈር ሽማግሌ አይኖርም።

አሁን ይህን ልውውጥ የሚያስፈራው ጾም አይደለም፥ ገበያው ነው። በየከተማው ቅቤን ከሌላ ቅባት ጋር እየቀላቀሉ የሚሸጡ ሰዎች ተይዘው በተደጋጋሚ ተሰምቷል። ወጥ ውስጥ የገባ መጥፎ ቅቤ በበርበሬው ይሸፈናል፤ ጭኮ ውስጥ የገባው ግን የሚሸፈንበት ነገር የለውም፥ በጥቂት ቀን ሽታው ይለወጣል። ለጐረቤቷ ለፋሲካ ይቈይ ብላ የላከች ሴት ስጦታዋ ከፋሲካ በፊት ቢበላሽባት የምታፍረው እርሷ ናት፥ ነጋዴው አይደለም። ከዚህ የተነሣ ዐቅሙ ያላቸው ቅቤውን ከገጠር ዘመድ ያስመጣሉ፤ ሌሎቹ ጭኮውን መላክ ትተው ከዳቦ ቤት ኬክ ገዝተው ይልካሉ። ኬክ ደግሞ ወተትና እንቍላል ስላለበት በጾም አይበላም፥ እስከ ፋሲካም አይቈይም።

በየሱቁ በፕላስቲክ ዕቃ ታሽጎ የሚሸጥ ጭኮም መጥቷል። ይህን መንቀፍ አይገባም፤ ብዙ ሴቶች እንጀራ የሚያገኙበት ሆኗልና፥ ጥሩ የሚሠሩም አሉ። ከአዳማ በፈጣኑ መንገድ ወደ አዲስ አበባ ከሚጓዙትና ከዚያም ወደ ውጭ አገር ከሚሄዱት ብዙዎች በሻንጣቸው ይዘውት ይሄዳሉ። ዳሩ ግን ከወተት የተገኘን ምግብ ከደጃፋቸው የማያሳልፉ መንግሥታት ስላሉ በዚያ የሚወሰድባቸው አሉ። ስለዚህ አንዳንድ እናቶች ሌላ ዘዴ አግኝተዋል፤ በሶውን በደረቁ፥ ኮረሪማውንና ኮሰረቱን ለብቻው ቋጥረው ይልኩና፥ ልጃቸው በሰው አገር የገዛውን ቅቤ በእሳት ላይ አድርጎ ሲያነጥር በስልክ ሆነው፥ «አሁን አውርደው፥ ልጄ፤ በጥቂት በጥቂቱ ጨምር» ይሉታል።