በዘፈን ውስጥ ያደረ ልመና

ጆርጅ ሃሪሰን ቢትልስ በተበተነ ሰሞን፣ እ.ኤ.አ. በ1970፣ በሦስት ሸክላ ያወጣው «ኦል ቲንግስ መስት ፓስ» የሮክ ሰው እምነቱን በአደባባይ የገለጠበት አልበም ነው። «ማይ ስዊት ሎርድ» በተሰኘው ዘፈኑ ተቀባዮቹ ሃሌ ሉያ ሲሉ ይቆዩና ሳይታሰብ ሃሬ ክሪሽና ወደሚለው ምስጋና ይሻገራሉ። የሂንዱን መንፈሳዊነትና የራቪ ሻንካርን ሲታር ያወቀ ሰው ያዘጋጀው መሆኑን ለማወቅ መመራመር አያስፈልግም፤ ቃሉ ራሱ ይናገራል። ከአምስት ዓመት በኋላ አዲስ አበባ ውስጥ ማህሙድ አህመድ ከአይቤክስ ባንድ ጋር የተጫወተው «ኧረ መላ መላ» ግን እንዲህ አይናገርም። የፍቅር ዘፈን ነው፤ አይሰብክም፣ ሃይማኖትም አያስተምርም። ሆኖም ሁለቱን አከታትሎ ላዳመጠ ሰው የማህሙድ ድምፅ ከሃሪሰን ይልቅ ለጸሎት የቀረበ ነው። በእኔ እምነት በአገራችን አልበሞች ውስጥ መንፈሳዊው ነገር የሚኖረው በግጥሙ ቃል ሳይሆን ድምፁ በሚለምንበትና ልመናው በሚመለስበት ሥርዓት ነው። ሥርዓቱን ለማየት ደግሞ ከጉራጌ ከተሞቹ ከወልቂጤና ከቡታጅራ የተሻለ ቦታ አላውቅም።

ማህሙድ የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1941 መርካቶ፣ ከጉራጌ ቤተሰብ ነው። ሊስትሮ ሆኖ ሠርቷል፤ በኋላም አሪዞና ክበብ ተላላኪ ሳለ አንድ ምሽት ዘፋኙ ሲቀር ልዝፈን ብሎ ጠየቀና በዚያው የክብር ዘበኛ ኦርኬስትራ አባል ሆነ። እንግዲህ የመርካቶ ልጅ ነው፣ የጉራጌ አገሮቹን ቸሃን ወይም መስቃንን ምን አገናኘው የሚል ይኖራል። ጥያቄው ተገቢ ነው። ነገር ግን የጉራጌ መርካቶ ከአገሩ ተቆርጦ የቀረ ሰፈር ሆኖ አያውቅም። ክርስቲያኑ ለመስቀል፣ ሙስሊሙ ለአረፋ አገሩ ይገባል፤ በበዓል ዋዜማ የጅማውም የቡታጅራውም መንገድ በተመላሽ ይሞላል። ማህሙድ ራሱ በልጅነቱ በየትኛው በዓል አገር ቤት እንደገባ ላወራ አልነሳም፤ እምነቱንም ከስሙ ላነብ አልፈልግም። የምለው፣ ያደገበት ሰፈር ጆሮ በየዓመቱ አገር ቤት ደርሶ የሚመለስ ነበር ነው።

አገር ቤት ደግሞ የሚሰማው ብዙ ነው። በአብሬት፣ በቃዲሪያ የሱፊ ጣሪቃ ሼሆች ደጅ፣ መንዙማ ይባላል፤ ክርስቲያኖችም የሚያከብሩት ደጅ ነው። ከቡታጅራ ወደ አዲስ አበባ በሚወስደው መንገድ አቅጣጫ፣ በሶዶ፣ የምድረ ከብድ አቡነ ገብረ መንፈስ ቅዱስ ገዳም አለ፤ በዚያም በምሁር ኢየሱስም ማኅሌት ይቆማል። ከእስልምናና ከክርስትና በፊት የነበረው የዋቅና የቦዠ እምነት አሻራም ጨርሶ አልጠፋም። አሁን ሥርዓቱን ቀረብ ብለን እንየው። በመንዙማ መሪው ብቻውን ያወጣል፤ ድምፁ ረዝሞ ይንቀጠቀጣል፤ ጉባኤው አዝማቹን ተቀብሎ ይመልስለታል፤ ድቤው ቀስ ብሎ ይጀምርና ልመናው በገፋ ቁጥር ይፈጥናል። በማኅሌት ሊቃውንቱ ያንኑ ዜማ መጀመሪያ በቁም ዜማ ይሉታል፤ ቀጥሎ መቋሚያውን እያዘነበሉ በዝማሜ፣ ከዚያ ከበሮና ጸናጽል ገብቶ በመረግድ፣ በመጨረሻም በጭብጨባ በጽፋት። ቃሉ አይለወጥም፤ የሚለወጠው ግለቱ ነው። አንዱ የነቢዩ ውዳሴ ነው፣ ሌላው የቅዱስ ያሬድ ዜማ ነው፤ ልመናን ደጋግሞ በማጋል ረገድ ግን ወንድማማቾች ናቸው። አሁን «ኧረ መላ መላ» ይከፈት። ሳክስፎኑ አጭር ሐረግ ይዞ ይመላለሳል፣ ከእሱ አይወጣም፤ ድምፁ እላዩ ላይ እየተንቀጠቀጠ ይለምናል፤ አንዱን ጥሪ በተመለሰበት ቁጥር እያጠበቀ ይሄዳል። የሚለመነው ፈጣሪ ሳይሆን የፍቅር መላ ነው። የልመናውን ሥርዓት ግን ከሩቅ አልተዋሰውም።

ይህን ሁሉ ማህሙድ አልተናገረም፣ አንተ ነህ የጫንክበት ቢባልስ? መልሱ ሃሪሰን ዘንድ አለ። «ማይ ስዊት ሎርድ» ከወጣ በኋላ እ.ኤ.አ. በ1963 ቺፎንስ ከተጫወቱት «ሂዝ ሶ ፋይን» ጋር ይመሳሰላል ተብሎ ተከሰሰ፤ በ1976 የኒውዮርክ ዳኛ ዜማው ተወስዷል፣ ግን ሳያውቀው ነው ሲሉ ፈረዱ። ፍርዱ ለሃሪሰን መራራ ነበር፤ ለእኛ ግን ትልቅ ነገር ያስተምራል። አንድ ሙዚቀኛ በሬዲዮ የሰማው የጥቂት ደቂቃ ዘፈን ሳያውቀው እጁ ላይ ከወጣ፣ ከአራስ ቤት ጀምሮ የሰማው አዛን፣ ማኅሌትና የለቅሶ ዜማ እንዴት አይወጣም? በዚያ ላይ የእኛ አልበም የአንድ ሰው ሥራ አይደለም። ገጣሚ አለ፣ ዜማ ደራሲ አለ፣ አቀናባሪ አለ፤ ሽፋኑ ላይ ግን የዘፋኙ ፎቶ ብቻ ይገዝፋል። የብዙ ሰው ጆሮ የተዋሐደበትን ሥራ በዘፋኙ ኑዛዜ ብቻ መመዘን አይቻልም።

ከበድ ያለው ተቃውሞ ከሙዚቃ አዋቂዎች የሚመጣው ነው። ጊታሩ የሰላም ሥዩም፣ ቤዙ የጆቫኒ ሪኮ፣ ቃናው ደግሞ በሮክና በሶል የሰከረው ዘመን ነው ይላሉ። እውነት ነው፤ የአይቤክስ ልጆች የዘመኑን የውጭ ሙዚቃ ጠጥተዋል። ሆኖም የአሜሪካው ሶል ራሱ የጥቁሮች ቤተ ክርስቲያን ልጅ ነው። መሪው ይጠራል፣ ምእመኑ ይመልሳል፤ ግለቱ ይጨምራል። ስለዚህ አዲስ አበባ ላይ የተገናኙት ሁለት የአምልኮ ጆሮዎች ናቸው ብዬ አምናለሁ፤ ያ ሸክላ እ.ኤ.አ. በ1986 ቤልጂየም ውስጥ እንደገና ሲታተም ቋንቋውን የማያውቅ አድማጭ የማረከውም ለዚህ ይመስለኛል። «ኧረ መላ መላ» ከተቀዳ ከሩብ ምዕተ ዓመት በኋላ የቻግኒዋ እጅጋየሁ ሽባባው ተመሳሳዩን አድርጋለች። በቤታቸው ከካህን የቤተ ክርስቲያን ዜማ የተማረችው ጂጂ፣ እ.ኤ.አ. በ2001 ከቢል ላስዌል ጋር ባወጣችው አልበም «ካህን» የሚል ዘፈን አስገብታለች። ለእኔ ግን ማኅሌቱ ጎልቶ የሚሰማው በርዕሱ ሳይሆን በ«ዓባይ» ላይ ድምፅዋን በምታረዝምበት ስልት ነው።

የሃይማኖት መምህራን ዘፈንን ከጸሎት ጋር ማነጻጸር ድፍረት ነው ቢሉ አልከራከራቸውም። ዘፈን ጸሎት ነው አላልኩም። ድንበሩ ይጠበቅ፤ ምንጩ ግን ይታወቅ። ምንጩ ካልታወቀ ይደርቃልና። ወልቂጤ የጉራጌ ዞን፣ ቡታጅራ የምሥራቅ ጉራጌ ዞን መቀመጫ ናቸው፤ የባህል መምሪያ አላቸው፤ ወልቂጤ ውስጥ ዩኒቨርሲቲም አለ። መንዙማ የሚያወጡት ሼሆችና ማኅሌት የሚመሩት መርጌቶች ዕድሜያቸው ሳይገፋ፣ እነርሱ በፈቀዱት መጠን፣ ድምፃቸው ይቀዳ፤ ከየት እንደተማሩት ይጻፍ። ነገ ከእነዚህ ከተሞች አልበም የምታወጡ ወጣቶችም የገጣሚውን፣ የዜማ ደራሲውንና ዜማውን ያስተማሯችሁን ሰዎች ስም ሽፋኑ ላይ አስፍሩ።