የመስኮቱ ብርሃን

ደመወዝ በወጣ ማግሥት የገዛኋት የእጅ ጌም፣ ስክሪኗ 640 በ480 ነጥብ ነው። እ.ኤ.አ. በ1989 የወጣው ጌም ቦይ ግን 160 በ144 ብቻ ነበረው። ቴትሪስን ስከፍት ስክሪኑን ለመሙላት ምስሉን ወደ ጎን ለጥጣ አመጣችልኝ፤ እኩል የነበሩት ጡቦች ሁሉ ወፍረዋል።

ማስተካከያው ውስጥ ገብቼ ምስሉ በሙሉ ቁጥር ብቻ እንዲባዛ አዘዝሁ። እያንዳንዱ ነጥብ በሦስት ሲባዛ 480 በ432 ይመጣል፤ ሽርፍራፊ የለውም። ቀኑን ሙሉ ሒሳብ ሲያስታርቅ የሚውል ሰው ይህን ምን ያህል እንደሚወድ አትጠይቁኝ። በዙሪያው ጥቁር ጠርዝ ይተርፋል። ይትረፍ።

ቀለሙንም ወደ ቀድሞዎቹ አራት አረንጓዴዎች መለስሁት። የድሮው ስክሪን ዘገምተኛ ስለ ነበር የሚወርደው ጡብ ጥላውን ይጎትት ነበር፤ ያንን የሚመልስ አማራጭ አግኝቼ እርሱንም አበራሁ። ያኔ ያማረርንበትን ጉድለት ዛሬ ፈልጎ መጨመር!

የቀረው ብርሃኑ ነው። ያ ጌም ቦይ የራሱ መብራት አልነበረውም። ታላቅ ወንድሜና እኔ መስኮት ሥር ትከሻ ለትከሻ ተጣብቀን፣ ፀሐይዋ በዞረች ቁጥር አብረን እንዞር ነበር። «ጥላህን አንሣልኝ!» ይለኝ ነበር፣ ተራው የእርሱ ሲሆን።

ወንድሜ ካረፈ ስድስት ዓመት ሆነው።

የስክሪኑን ብርሃን እስከ መጨረሻው ዝቅ አድርጌ ወደ መስኮቱ ተጠጋሁ። ጡቦቹ ጠፉ፤ በመስተዋቱ ላይ የታየኝ ፊቴ ብቻ ነው። ሳላስበው ትከሻዬን ወደ ግራ ሸሸት አደረግሁ።