ከመኪናው የወረደው ጀግና

ፊልም ለመዝናኛ ብቻ የሚሠራ ነው ብሎ የሚያስብ ሰው ቢኖር፥ የ1976 (እ.ኤ.አ.)ን የመኪና እሽቅድምድም የሚያስታውሱ ሁለት ፊልሞችን አከታትሎ ይመልከት። ሁለቱም ለሕዝብ የቀረቡት በ2013 (እ.ኤ.አ.) ነው። አንደኛው ሮን ሃዋርድ በተዋንያን ያዘጋጀው «ራሽ»፥ ሁለተኛው ፖል ክራውደር ያዘጋጀው «1» የተባለ ዘጋቢ ፊልም ነው።

በዚያ ዓመት ለፎርሙላ ዋን ዋንጫ የተፋለሙት ኦስትርያዊው ኒኪ ላውዳና እንግሊዛዊው ጄምስ ሀንት ነበሩ። «ራሽ» ሁለቱን እንደ ባላንጣ ያቀርባቸዋል፤ በእውነቱ ግን ወዳጆች ነበሩ። ትያትር ያለ ባላንጣ አይደምቅምና ብዙ አንወቅሰውም። ዘጋቢው ፊልም ግን በዚያ ዘመን የነጂዎች ሞት ስለ ምን እንደ በዛ፥ በምንስ ጥረት እንደ ቀነሰ ይመረምራል።

የጀርመኑ የኑርቡርግሪንግ ጎዳና ከ22 ኪሎ ሜትር የሚበልጥ ስለ ነበረ፥ ለተጎዳ ሰው ፈጥኖ መድረስ አስቸጋሪ ነበር። ላውዳ ውድድሩ እንዲቀር ባልንጀሮቹን ቢለምንም በድምፅ ተሸነፈ። ኦገስት 1 ቀን መኪናው ተጋጭታ በእሳት ተያያዘች፤ ከነበልባሉ ያወጡትም ነጂዎች ባልንጀሮቹ ናቸው። በሆስፒታል ቄስ የመጨረሻውን ጸሎት አደረሰለት። እርሱ ግን ከስድስት ሳምንት በኋላ፥ ቁስሉ ሳይሽር፥ በኢጣልያ ሞንዛ ተወዳድሮ አራተኛ ወጣ።

ዓለም ጀግንነት ያለው ይህን ነው። ለእኔ ግን የሚበልጠው ኦክቶበር 24 ቀን በጃፓን ፉጂ የሆነው ነው። ዝናቡና ጉሙ መንገዱን ሸፍኖት ነበር። ላውዳ ሀንትን በ3 ነጥብ ይመራ ነበር፤ ሆኖም ሁለት ዙር ነድቶ ቆመና ወረደ። የፌራሪው መሐንዲስ ማውሮ ፎርጊየሪ «መኪናው ተበላሸ እንበል» ቢለው፥ አይሆንም አለ። ሀንት ሦስተኛ ወጥቶ፥ በ69 ነጥብ ለ68፥ ዋንጫውን ወሰደ።

በእኛ ዘንድ ፈሪ መባል ከሞት የከፋ ስድብ ነው። ስለዚህ የገባውን እናወድሳለን እንጂ፥ አስቦ የተመለሰውን የሚያመሰግን ጥቂት ነው። ከዚህም የተነሣ ሰው ሁሉ ማመካኛ ይፈልጋል። በየመሥሪያ ቤቱ «ፋይሉ ጠፋ» የሚለው ቃል፥ «አልስማማም» ብሎ ለመናገር ያልደፈረ ሰው መሸሸጊያ የሚሆንበት ጊዜ አለ። ላውዳ በአንዲት ቃል ስሙን ማዳን ሲችል፥ ስሙን ሰጥቶ እውነቱን አስቀረ።

ከዚያ በኋላ በ1977 እና በ1984 (እ.ኤ.አ.) ዋንጫ ወስዷል። ያ ረጅም የኑርቡርግሪንግ ጎዳናም ከ1976 ወዲህ የፎርሙላ ዋን የዓለም ሻምፒዮና ውድድር አላስተናገደም። ሀንት በ1993፥ ላውዳም በ2019 (እ.ኤ.አ.) አርፈዋል። የዚያ ዓመት ዋንጫ የሀንት ነው፤ ይገባዋልም። ፊልሞቹን የሚያይ ወጣት ግን የእሳቱንና የፍጥነቱን ትዕይንት ብቻ ይዞ እንዳይወጣ፥ በዝናብ ውስጥ ከመኪናው የወረደውንም ሰው ልብ ብሎ ይመልከት።