ጉድለቱ ለማን ይነገራል?

በቤድፎርድ ከምሽቱ 5 ሰዓት ሲሆን አዲስ አበባ ላይ ከጠዋቱ 1 ሰዓት ነው። በዳላስና በፎርት ወርዝ መካከል ባለችው በዚህች ጸጥተኛ ከተማ የሚኖር አንድ መሐንዲስ ሊተኛ ሲል ስልኩ ጮኸ። የደወለችው መርካቶ አጠገብ አነስተኛ የጫማ ማምረቻ ያላት ታናሽ እኅቱ ነበረች። «ወንድም ዓለም፣ ቆዳው ዛሬም ተበላሽቶ መጣ» አለችው።

እኅቱ ትምህርት ቤት ከመከፈቱ በፊት የምታስረክበው 1200 ጥንድ የተማሪ ጫማ አለባት። ከቆዳ ፋብሪካ የመጣላትን ቆዳ ቆራጩ ገበታው ላይ ሲዘረጋው ግን የቢላ ጭረት፣ የተባይ ጠባሳና የሳሳ ቦታ በዝቶበት ከግማሽ ያልበለጠውን ብቻ ይጠቀምበታል። እርሷ የከፈለችው በስኩዌር ፊት ተለክቶ ለሙሉው ቆዳ ነው። ስለዚህ ወንድሟ ለአዲስ የስፌት ማሽን ብሎ ያጠራቀመላትን ገንዘብ ከውጭ ለሚገባ ሰው ሠራሽ ቆዳ እንዲያውለው ጠየቀችው። አሥራ ስምንት ሠራተኞች ደመወዝ ይጠብቃሉ። «የአገር ቤቱን ቆዳ ከእንግዲህ አላምነውም» አለች።

ወንድሟ ወዲያው አልመለሰላትም። ዝም ያለው ገንዘቡን ስለ ሳሳ አልነበረም። ጥያቄው እርሱ በየቀኑ የሚኖርበት የሥራው ጥያቄ ስለ ሆነበት ነው። ሙያው ከሌሎች ድርጅቶች ተገዝተው የሚመጡ የብረት ክፍሎችን ጥራት መከታተል ነው። ሥራውን ሲጀምር ይህ ሙያ የፖሊስ ሥራ ይመስለው ነበር፤ ጉድለት ማግኘት፣ ዕቃ መመለስ፣ ቅጣት መጻፍ። ሐሳቡን የቀየረው አንድ አነስተኛ የብረት ማጠንከሪያ ድርጅት ነው። ከዚያ የሚመጡ ክፍሎች ተደጋግመው ይሰነጠቁ ነበር፤ የግዥ ክፍሉም ውሉን ለማፍረስ ወስኖ ነበር። የመጨረሻ ዕድል ይሰጠው ተብሎ እርሱና አንድ ባልደረባው ወደ ድርጅቱ ተላኩና ለሳምንታት ከምድጃው አጠገብ ቆሙ። በመጨረሻ የስንጥቁ ምክንያት የተገኘው በገዢው ኩባንያ ንድፍ ውስጥ ነው። አንዱ ማዕዘን ከሚገባው በላይ ሹል ሆኖ ስለ ተነደፈ ብረቱ በድንገት ሲቀዘቅዝ ውጥረቱ ሁሉ በዚያች ነጥብ ላይ ይከማች ነበር። የምድጃው ሠራተኛ ይህን ከጠረጠረ ዓመት አልፎታል። ለምን እንዳልተናገረ ሲጠየቅ የሰጠው መልስ አጭር ነበር፦ የጠየቀው ሰው አልነበረም፤ ቢናገርም ሰበብ ፈለገ ይባል ነበር።

ከዚያ ቀን በኋላ መሐንዲሱ የአንድን ድርጅት ብርታት የሚለካው በሌላ መስፈርት ሆነ፦ መጥፎ ወሬ ጉድለቱ ከታየበት ቦታ ተነሥቶ ጉድለቱ ወደ ተፈጠረበት ቦታ ለመድረስ ምን ያህል ጊዜ ይፈጅበታል? የሚናገረውስ ሰው ምን ይደርስበታል?

ይህ ጥያቄ ለቤድፎርድ አካባቢ እንግዳ አይደለም። ከከተማይቱ በስተደቡብ አርሊንግተን ውስጥ እ.ኤ.አ. ከ1954 ጀምሮ የሚሠራ የጄኔራል ሞተርስ የመኪና መገጣጠሚያ አለ። በአቅራቢያው የነበረው ሲክስ ፍላግስ የተባለ የገበያ አዳራሽ ፈርሶ ዛሬ በቦታው ለመገጣጠሚያው ዕቃ የሚያቀርቡ ድርጅቶች መጋዘን ቆሟል። አቅራቢን ጎረቤት ማድረግ የመጓጓዣ ወጪን ይቀንሳል። ቅርበት ብቻውን ግን መተማመንን አይወልድም። ይኸው ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1992 የግዥ ኃላፊው ሆሴ ኢግናሲዮ ሎፔዝ የተፈረሙ ውሎችን እንደገና ለጨረታ እየከፈቱ ከአቅራቢዎች ከፍተኛ የዋጋ ቅናሽ ሲያስገኙ ተመልክቷል። ቅናሹ በሂሳብ መዝገብ ላይ ወዲያው ታየ። በመዝገብ ያልሰፈረው ኪሳራ የታየው ዘግይቶ ነው፤ አቅራቢዎች አዲስ ሐሳባቸውን መጀመሪያ ይዘው የሚሄዱት ወደ ሌላ ገዢ ሆነ።

የሰሜን አሜሪካ ዋና መሥሪያ ቤቱን እ.ኤ.አ. በ2017 በዚሁ አካባቢ ወደምትገኘው ወደ ፕላኖ ያዛወረው ቶዮታ የሄደበት መንገድ ሌላ ነው። በዚያው በ1992 አሜሪካ ውስጥ አቅራቢዎችን የሚያሠለጥን ማዕከል አቋቁሞ መሐንዲሶቹን ወደ አቅራቢዎቹ ፋብሪካዎች መላክ ጀመረ። የዚህ ዓይነቱ ግንኙነት ድካምም ጉልበትም አንድ ላይ የታየው እ.ኤ.አ. በየካቲት 1997 ነው። ጃፓን ውስጥ ለቶዮታ አንድን አነስተኛ የፍሬን ቫልቭ ከሞላ ጎደል ብቻውን ያቀርብ የነበረው የአይሲን ፋብሪካ በእሳት ጋየና የቶዮታ የመገጣጠሚያ መሥመሮች በቀናት ውስጥ ቆሙ። ሁሉን ለአንድ አቅራቢ መስጠት ምን ያህል አደገኛ እንደ ሆነ ያን ጊዜ ታወቀ። ነገር ግን በደርዘን የሚቆጠሩ ድርጅቶች፣ የልብስ ስፌት ማሽን የሚሠራው ብራዘር ጭምር፣ ስለ ዋጋ ውል እስኪፈረም ሳይጠብቁ ቫልቩን መሥራት ጀመሩ። ምርቱም በአንድ ሳምንት ገደማ ውስጥ አንሠራራ። እነዚያ ድርጅቶች ንድፍ ማንበብና ችግርን በግልጽ መነጋገር ከእሳቱ በፊት አብረው ተለማምደውት ነበር።

የኢትዮጵያ ቆዳ ታሪክ በዚህ መስፈርት ሲታይ መልኩ ይለወጣል። ጥሬ ዕቃው ደካማ ስለ ሆነ ነው እንዳይባል፣ የደጋው በግ ቆዳ ለእጅ ጓንት፣ የባቲ ፍየል ቆዳ ደግሞ ለጫማና ለልብስ በዓለም ገበያ ስም ያተረፉ ናቸው። መንግሥትም ዝም ብሎ አልተቀመጠም። እ.ኤ.አ. በ2008 ጥሬና በከፊል የተዘጋጀ ቆዳ ወደ ውጭ ሲላክ 150 በመቶ ቀረጥ እንዲከፈልበት ደነገገ፤ ከጥቂት ዓመታት በኋላም ክረስት በሚባለው ደረጃ ያለውን ቆዳ ጨመረበት። ዓላማው ቆዳው በአገር ቤት ጫማና ቦርሳ እንዲሆን ነበር። እ.ኤ.አ. በ2011 የካይዘን ኢንስቲትዩት ተቋቁሞ በፋብሪካዎች ውስጥ ብክነትን የመቀነስ ትምህርት ተስፋፋ።

ሁለቱም እርምጃዎች ጥቅም ነበራቸው፤ ሁለቱም ግን በፋብሪካው በር ላይ ይቆማሉ። ቆዳ የሚበላሸው ከዚያ በፊት ነው። ቆዳ ፋብሪካዎች «እከክ» የሚሉት በሽታ የሚመጣው በጉ በሕይወት ሳለ ከሚመጠምጡት ጥገኛ ተባዮች ነው። የቢላው ጭረት በበዓል ዕለት በየቤቱ ግቢ ውስጥ የሚደርስ ነው። መበስበሱ የሚጀምረው ቆዳው ጨው ሳይነካው ፀሐይ ላይ ሲውል ነው። በየሰፈሩ እየተጣራ የሚዞረው ቆዳ ገዢ ብዙውን ጊዜ የሚገዛው በቁጥር ነው፤ ተጠንቅቆ የገፈፈውና በዘፈቀደ የገፈፈው ሰው የሚያገኙት ዋጋ ተቀራራቢ ነው። በቅርብ ዓመታት ደግሞ ዋጋው ከመውደቁ የተነሣ ከበዓል ማግስት ቆዳ በየመንገዱ ተጥሎ ይታያል። ቀረጡ ቆዳውን አገር ውስጥ አስቀረ። የጉድለቱን ወሬ ከቆራጩ ገበታ ወደ አራጁና ወደ አርቢው የሚመልስ መንገድ ግን አልሠራም። ወጪ ንግድና የሥራ ዕድል በየዓመቱ ይቆጠራሉ፤ በገዢና በአቅራቢ መካከል የተገኘ ዕውቀት ግን የሚቆጠርበት ሰንጠረዥ የለም።

በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይባላል። የመደበቁ ምክንያት ግን ሁልጊዜ ክፉ ልብ አይደለም። ጉድለት የተናገረ ሰው ገበያውን የሚያጣ ከሆነ ዝም ማለት ብልህነት ነው።

መሐንዲሱ በማግሥቱ ምሽት ራሱ ደወለ። «እታለም፣ የተበላሸውን ቆዳ አትመልሺው» አላት። «ጉድለቱን በጠመኔ እየከበብሽ አንጥፊውና ፋብሪካው ድረስ ይዘሽው ሂጂ።» እኅቱ ተቆጣች። እርሱ በሚሠራበት አገር አቅራቢ ገዢን ይለማመጣል፤ እርሷ ዘንድ ግን የሚለምነው ገዢው ነው። ፋብሪካው ትልቁን ደንበኛ ትቶ የእርሷን ጥቂት ቆዳ ለምን ያስባል? ለዚህ ነቀፌታ መልስ አልነበረውም። በቴክሳስ የተማረው ትምህርት ትልቅ ገዢን የሚያስታጥቅ እንጂ ትንሽ ገዢን የሚያስታጥቅ እንዳልሆነ ያን ምሽት ተረዳ።

መፍትሔውን ያመጣችው እርሷ ናት። በአንድ ግቢ ውስጥ የሚሠሩ ሦስት ጫማ ሠሪዎች እርስ በርስ ዋጋ እየተሻሙ ከዚያው ፋብሪካ ይገዙ ነበር። አራቱ ተነጋግረው በጠመኔ የተከበበውን ቆዳቸውን በአንድ ጭነት ይዘው ሄዱ። የፋብሪካው ፎርማን ረዘም ላለ ጊዜ ቆዳዎቹን እያገላበጠ ተመለከተ። እስከ ዛሬ ቆዳ የመለሰበትና የሰደበው ብዙ ነው፤ ጉድለቱ የት የት ላይ እንደሚደጋገም ያሳየው ግን አልነበረም። ጭረቱ የሚበዛው ከሁለት ሰብሳቢዎች በሚመጣው ቆዳ ላይ እንደ ሆነ ከመጋዘኑ ምልክት ለየ። አራቱ ገዢዎች ጭረት ለሌለበት ቆዳ ጭማሪ ሊከፍሉ፣ ፋብሪካውም ከጭማሪው ለሰብሳቢዎቹ ሊያካፍል ተስማሙ። ስምምነቱ የአንድ ወቅት ሙከራ ነው፤ በጽሑፍ አልሰፈረም።

ለዚህ ዓመት ትእዛዝ ግን አልደረሰም። እኅቱ ከ1200ው ጥንድ 400ውን በሰው ሠራሽ ቆዳ ሠርታ አስረከበች፤ ገንዘቡም ከማሽኑ ላይ ተቀነሰ። ወንድሟ አልተከራከራትም፤ የአሥራ ስምንት ሰው ደመወዝ ትምህርት እስኪበስል አይጠብቅም። የቀረውን ገንዘብ ማሽን ይገዛበት ብሎ ከመላክ ግን ለጭማሪው ክፍያ መጠባበቂያ ይሁን አላት። ባለቤቱ «ጨው ልትገዛ ነው እንዴ ይህን ሁሉ ዓመት ያጠራቀምከው?» ስትል ጠየቀችው። ከሞላ ጎደል እንደዚያ ነበር።

በመስከረም መጨረሻ አንድ ማለዳ ቤድፎርድ ላይ ስልኩን ሲከፍት ፎቶግራፍ ደርሶት አገኘ። በቆራጩ ገበታ ላይ አንድ ቆዳ ተዘርግቷል፤ በጠመኔ የተከበቡት ቦታዎች አምስት ናቸው። ከሥሩ እኅቱ አንድ መሥመር ጽፋለች፦ «ይህን ደግሞ የላከልን ፎርማኑ ራሱ ነው፤ ከመቁረጣችሁ በፊት እዩት ብሎ።»