ድምፁን የነፈጉት ጉልበተኛ

በጉልበት ማደር ለወላይታ ልጅ አዲስ ነገር አይደለም። በሶዶ መናኸሪያ ኩንታል ተሸክሞ ዳገቱን የሚወጣውን ወጣት ያየ ሰው ጡንቻ ምን እንደሆነ ከቴሌቪዥን አይማርም። እኛ የዶርም ልጆች ግን ማታ ማታ በአንድ ስልክ ላይ ተደፍተን የምናደንቀው የሩቅ አገር ሰው ነው፤ ሉ ፌሪኞ ይባላል።

ፌሪኞ በ1951 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) ብሩክሊን ተወለደ። በሕፃንነቱ ጆሮውን ታሞ አብዛኛውን የመስማት ኃይሉን አጣ፤ ልጆችም አሾፉበት። በ13 ዓመቱ ብረት ማንሳት ሲጀምር መግዣ ስላልነበረው ከክብደቶቹ አንዳንዶቹን ራሱ ሠራ። እዚህ ላይ ስንደርስ «የእኛው ሰው!» ብለን ጮኸናል። የእኛም ብረት አንድ የውኃ ቧንቧና ሲሚንቶ የተሞሉ ሁለት የቀለም ጣሳዎች ነውና። ጣሳዎቹ እኩል ስለማይመዝኑ ጎን እየቀያየርን እናነሣለን፤ አለዚያ አንዱ ትከሻችን ዳሞታ ተራራን አክሎ ሌላው ሜዳ ሊቀር ነው። የምግቡን ነገር ተዉት። ሶዶ በጥሬ ሥጋና በዳጣ የታወቀች ከተማ ብትሆንም የተማሪ ኪስ ሥጋ ቤቱን በሩቁ ተሳልሞ ያልፋል። በሽሮ የተገነባ ደረት ካለ የእኛ ነው።

ሰውየው በ1973 እና በ1974 ሚስተር ዩኒቨርስ ተባለ። በ1977 ቴሌቪዥን ጠራው። «ዘ ኢንክረዲብል ሐልክ» በተባለው ተከታታይ ፊልም ዶክተሩን ሆኖ የሚሠራው ቢል ቢክስቢ ነው፤ ዶክተሩ ሲናደድ ወደ አረንጓዴ ግዙፍ ፍጡር ይለወጣል፤ ያ ፍጡር ፌሪኞ ነው። ገላውን አረንጓዴ ቀቡት። ቢክስቢ ይናገራል፣ ያዝናል፣ ይመክራል፤ ፌሪኞ ግድግዳ ይደረምሳል። ፊልሙ በ1982 እስኪያበቃ ለሐልክ ንግግር አልተጻፈለትም። ጩኸቱ እንኳ የሌላ ሰው ነበር! መጀመሪያ ቴድ ካሲዲ፣ ቀጥሎ ቻርልስ ናፒየር ነበሩ የሚያገሡለት።

ከመካከላችን ጆሮው በደንብ የማይሰማ ልጅ አለ። ብረት ሲያነሣ ቁጥሩን ትከሻውን እየነካን ነው የምንቆጥርለት። ይህን ሲረዳ «ታዲያ የራሱ ድምፅ የት ሄደ?» አለ። ወዲያው የመናኸሪያው ተሸካሚ ትዝ አለን። ሰው ሁሉ «ና አንሣው!» ይለዋል፤ ስሙን የሚጠይቀው የለም።

ፌሪኞ በ1992፣ በ40 ዓመቱ፣ ወደ ሚስተር ኦሎምፒያ ተመልሶ 12ኛ ወጣ። እኛ ከዘውዶቹ ይልቅ ይህችን 12ኛ እንወዳታለን። በ2008 በወጣው የሐልክ ሲኒማ ደግሞ ነገሩ ተገለበጠ፤ አረንጓዴውን አካል ኮምፒዩተር ሠራው፣ ድምፁን እንዲሰጥ ግን ፌሪኞ ተጠራ። በ2021 በቀዶ ሕክምና ጆሮው ውስጥ የመስሚያ መሣሪያ ተተከለለት።

ጓደኛችን ይህን ከከንፈራችን አንብቦ ጥቂት ዝም አለና «ስንት ያወጣል?» አለን።

እያጠያየቅንለት ነው።