ግማሽ ማኅተም

በባሕር ዳር፥ ከጣና ዳርቻ፥ ዕድሜያቸው ከሰማንያ ያለፈ አንድ መሪጌታ የአየር ፖስታ ማኅተም ይሰበስባሉ፤ ይመረምራሉም። ጎረቤቶቻቸው ቴምብር ሰብሳቢ ይሏቸዋል። እርሳቸው ግን ቅኔ የተማሩ ናቸውና፥ ቴምብሩ ሰም፥ ማኅተሙ ወርቅ ነው ይላሉ፤ ቴምብር የተከፈለውን ዋጋ ሲናገር፥ ማኅተም ደብዳቤው ከየት አገር በየትኛው ቀን እንደ ተነሣ ይመሰክራልና።

በነሐሴ 1921 ዓ.ም. የመንግሥቱ የመጀመሪያ አይሮፕላን አዲስ አበባ በገባ ጊዜ የመታሰቢያ ጽሕፈት የታተመባቸው ቴምብሮች አሏቸው። መጋቢት 30 ቀን 1938 ዓ.ም. የኢትዮጵያ አየር መንገድ በአሥመራ በኩል ወደ ካይሮ ስላደረገው የመጀመሪያ ጉዞም ለጠያቂ አሳምረው ይተርካሉ። ዳሩ ግን ልባቸው ያለው በአንዲት ቁራጭ ወረቀት ላይ ነው።

አባታቸው ለሥራ አሥመራ ሄደው በዚያው ዐረፉ። መርዶውን የጻፈው ወዳጅ «ዛሬ ሌሊት ዐረፉ» ከማለት በቀር ቀን አልጻፈም። ደብዳቤው በአይሮፕላን አዲስ አበባ ደርሶ፥ ከዚያ በነጋዴ እጅ ወደ ጣና መጣ። በቴምብሩ ላይ የጢስ ዓባይ ፏፏቴ ነበረበት። መሪጌታ ያን ጊዜ የዐሥር ዓመት ልጅ ነበሩና፥ የአገራቸውን ውሃ ቢያዩ ደስ ብሏቸው ቴምብሩን በመቀስ ቈርጠው ወሰዱ። የቀረው ፖስታ እሳት ተያያዘበት። በቁራጩ ላይ የተገኘው የማኅተሙ እኩሌታ ብቻ ነው፤ የአሥመራ ስምና 19 የሚል ቍጥር አለ፥ ወሩና ዓመቱ ግን ከእሳት ገብቷል።

ቀኑ በአውሮፓ አቈጣጠር ነውና፥ ወሩ ካልታወቀ 19 በእኛ ከ8 እስከ 13 ሊውል ይችላል። እናታቸው የሙት ዓመቱን መርዶ በተሰማበት ቀን እያሰቡ ኖሩ፤ ፖስታውን የቈረጠው ማን እንደ ሆነ ሳይነገራቸውም ዐረፉ።

የማኅተም ብረት በአገልግሎት ብዛት ይጎዳል። መሪጌታ ከአሥመራ የተላኩ አሮጌ ፖስታዎችን ከየሰዉ ለምነው ሲያስተያዩ፥ በ1946 ዓ.ም. በሚያዝያ መጨረሻ የተመታው ክብ ደኅና፥ በሐምሌ መባቻ የተመታው ግን የተሰበረ ሆኖ አገኙት። በእርሳቸው ቁራጭ ላይ ስብራቱ ገና እንደ ፀጕር ቀጥኖ ይታያል። እንግዲህ ደብዳቤው በዕለቱ ለፖስታ ቤት ተሰጥቶ ከሆነ፥ ዕረፍቱ ግንቦት 11፥ የቅዱስ ያሬድ ዕለት፥ አለዚያም ሰኔ 12፥ የቅዱስ ሚካኤል ዕለት ነው። የዜማ ሰው ናቸውና ወደ ያሬድ ማድላታቸውን አይሸሽጉም፤ ማድላት ግን ማስረጃ አይደለም ይላሉ።

ስለዚህ በየዓመቱ በሁለቱም ቀን ያስባሉ። ዘንድሮም አሥመራ ዘመድ ያለውን ሁሉ፥ የዚያ ዓመት የግንቦት ፖስታ በቤቱ እንዳለ ጠይቀዋል።